መርዕድ ያጠራው ሰባተኛው ክፍል

በዚያ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ውስጥ ለግማሽ ቀን በተከራየናት አነስተኛ አዳራሽ የተገኘነው አሥራ አንድ ሰዎች ነበርን። ወይዘሮ ፀዳለ ከአሌክሳንድሪያ በወንድማቸው ልጅ መኪና መጥተው፣ ከዚያችው ልጅ ጋር ከፊት ተቀምጠዋል። አልማዝ ከባለቤቷ ጋር ከውድብሪጅ መጥታለች። ሕሊና ሁለት ጓደኞቿን ይዛለች፤ ሦስቱም ፊልሙን በልጅነታቸው ያዩ ናቸው። የአዳራሹን ቁልፍ የያዘው የጸሎት ቤት አገልጋይ በሩ አጠገብ ቆሟል። አንድ ጡረታ የወጡ የአውቶቡስ ሾፌር ደግሞ የዕድር ስብሰባ መስሏቸው ገብተው፣ ስሕተታቸውን ካወቁ በኋላም ወንበሩ ስለተመቻቸው አልወጡም። መርዕድ ከማሳያው መሣሪያ ኋላ ነበር። እኔ በመጨረሻው ረድፍ፣ ግድግዳውን ተጠግቼ ነበር።

መርዕድ ባለፈው የካቲት ዐርፏል። አሌክሳንድሪያ በሚገኘው የሥራ ቦታው፣ አጉሊ መነጽሩን እንዳጠለቀ፣ ወንበሩ ላይ ነው ያገኙት። በስልክ የነገረችኝ ሕሊና ናት፤ እንግሊዝኛዋን ትታ፣ ለእኔ ስትል ቃል እየመረጠች፣ ጋሽ መርዕድ ዐረፈ አለችኝ። ከዚያ ወዲህ ስለ እርሱ ሁለት ጊዜ ለመጻፍ ጀምሬ ትቼዋለሁ። የሌሎች ሰዎችን ስሕተት በማረም ብዙ ገጽ ጽፌያለሁ፤ ስለ ራሴ ፍርድ ግን አንድ መስመር ጽፌ አላውቅም። መርዕድን ያንን ፍርድ ሳላነሣ ልገልጸው አልችልም።

ሥራው ሰው ሠራሽ ጥርስ መቅረጽ ነበር። ሐኪሞች ከበሽተኛ አፍ በጄሶ የተወሰደ ቅርጽ ይልኩለታል፤ እርሱ ባለቤቱን ሳያይ ጥርሱን ይሠራል። ከቅንድቡ ነጭ ብናኝ አይጠፋም፤ ከሥራ ሲወጣ ወፍጮ ቤት የዋለ ይመስላል። ሲያነጋግሩት ዐይን አያይም፣ አፍ ነው የሚያየው፤ ብዙዎች ይህን እንደ ንቀት ቆጥረውበታል። ጥሩ ጥርስ ማንም የማያየው ጥርስ ነው ይል ነበር፤ ሰው አይቶ እንዴት ያምራል ካለ ሥራው ተበላሽቷል ማለት ነው። በተዋወቅን በወሩ ገደማ፣ ሜትሮ እየጠበቅን ሳለ፣ ድንገት ዞር ብሎ፣

«መምህር፣ ተኝተው ጥርስዎን ያፋጫሉ። ምን ይዘው ነው የሚተኙት?» አለኝ።

ባቡሩ ሲመጣ ቀድሜው ገባሁ። እርሱም ሁለተኛ አልጠየቀኝም። በሳምንቱ ግን ለመኝታ የሚደረግ የጥርስ መከላከያ ሠርቶ በናፕኪን ጠቅልሎ አመጣልኝ። ልኩን ከየት አገኘኸው ስለው፣ ሲያወሩ አይቼ ነው አለ። ትንሽ ይጠበኛል። እስከ ዛሬ ግን አልጣልኩትም።

የተዋወቅነው ሲልቨር ስፕሪንግ አንድ ለቅሶ ቤት ነው። ጎን ለጎን ተቀምጠን፣ በሀገር ቤት ምን እሠራ እንደነበር ጠየቀኝ። ይህን ጥያቄ አብዛኛውን ጊዜ በአጭሩ አልፈዋለሁ፤ እዚህ የመኪና ማቆሚያ ዳስ ውስጥ ለሚቀመጥ ሰው ረጅሙ መልስ አይጠቅምም። ያን ዕለት ግን ብራና አመሳክር ነበር አልኩት። ምን ማለት እንደሆነ እንዳስረዳው ፈለገ። ደራሲው በእጁ የጻፈው ሲጠፋ፣ የቀሩትን ቅጂዎች ጎን ለጎን ዘርግቶ፣ በእያንዳንዱ ቃል ላይ ለመጀመሪያው እጅ የሚቀርበው የቱ ነው ብሎ መፍረድ ነው አልኩት። ሳህኑን ከጉልበቱ አንሥቶ መሬት ላይ አስቀመጠ።

«በቪዲዮ ካሴትም ይሠራል?» አለኝ።

ነገሩ እንዲህ ነበር። በሁለት ሺህዎቹ መጀመሪያ፣ ነዋሪዎች ያዘጋጁትን ፕሮግራም በነፃ በሚያሳዩበት አንድ የኬብል ጣቢያ፣ እሑድ ከሰዓት በኋላ «እመት ጃርት» የምትባል ተከታታይ የአማርኛ ካርቱን ትተላለፍ ነበር። ዘጠኝ ክፍሎች አሏት፤ እያንዳንዱ አሥራ አንድ ደቂቃ ያህል ነው። ወይዘሮ ፀዳለ ብቻቸውን፣ በአፓርታማቸው የምግብ ጠረጴዛ ላይ፣ በእጃቸው የሣሏት ናት፤ ድምፁም የራሳቸው ነው። እመት ጃርት ላውንድሪ ቤት ተቀጥራ የምትሠራ ጃርት ናት። በሜትሮ ስትሳፈር ሰው እንዳትወጋ በእሾኾቿ ጫፍ ላይ አንድ በአንድ ቡሽ ትሰካለች፤ ሥራ ስትደርስ አንድ በአንድ ትነቅላለች፤ ስትመለስ እንደገና ትሰካለች። ቀልዱ ይኸው ነው። አይቶ ያልሳቀ ሰው ግን አላጋጠመኝም። ከጥቂት ቤተሰቦች በቀር የቀዳት አልነበረም። የወይዘሮ ፀዳለ ዋናው ሥራ፣ ሥዕሉም ካሴቱም፣ የአፓርታማው ምድር ቤት ውኃ በገባው ጊዜ ተበላሽቶ ተጥሏል። ከዚያ ወዲህ እርሳስ አንሥተው አያውቁም ይባል ነበር።

መርዕድ የራሱ ምክንያት ነበረው። ልጁ ናትናኤል ሕፃን ሳለ አባቱ በአማርኛ የጠየቀውን በእንግሊዝኛ ይመልስ ነበር። ለጃርቷ ግን በአማርኛ ይመልስላታል፤ ቴሌቪዥኑ ፊት ቆሞ አንዱ ቡሽ ቀረሽ እያለ ይነግራታል። አሁን አድጎ በሌላ ስቴት ይኖራል፤ በዓመት አንዴም አይደውልም። መርዕድ ይህን የነገረኝ ቅሬታ በሌለበት ድምፅ ነው። ልጄን በቋንቋዬ ያናገረችልኝ እሷ ብቻ ናት፤ የሠሯትን ሴትዮ ሥራቸውን እንደ መጀመሪያው አድርጌ በእጃቸው ሳላስቀምጥ መሞት አልፈልግም አለኝ።

ካሴት በመሰብሰብና በማመሳከር አራት ዓመት ሠራን። ከሥራ በኋላና ቅዳሜ ቅዳሜ በእርሱ አፓርታማ እንገናኛለን፤ እርሱ ምስሉን በኮምፒዩተር ያሳየኛል፣ እኔ በብራና እንደለመድኩት ለእያንዳንዱ ቅጂ ፊደል ሰጥቼ ልዩነቱን በደብተር እመዘግባለሁ። ያረጀ ካሴት በላዩ ነጭ ጭረት ይበዛዋል፤ ድምፁም ሽ እያለ ይሸፈናል። ጭረቱን መርዕድ ሥዕል በሥዕል ይጠርገዋል፤ ሽ የሚለውን ድምፅ ሕሊና ታጠራዋለች። ሕሊና ያኔ ኮሌጅ ጨርሳ አርሊንግተን በአንድ ቢሮ ትሠራ ነበር፤ በድምፅ ነገር ከሁላችንም የተሻለች ናት። በሕይወቴ ከሰው ጋር እንደዚያ ደስ ብሎኝ የሠራሁበት ዘመን የለም። ይህንንም ለመርዕድ ነግሬው አላውቅም።

ስምንቱ ክፍሎች ተሟሉ። ሰባተኛው ቀረ። በመርዕድ ካሴት ላይ ሰባተኛው በነበረበት ቦታ የክርስትና ድግስ ተቀድቶበታል፤ እርሱ ክፍሉ ሲተላለፍ ሥራ ላይ ስለነበር አይቶት አያውቅም። አልማዝ ውድብሪጅ እንዳላት ተሰማ። ሄደን ስንጠይቃት በረንዳዋ ላይ አቁማ ሳቀችብን።

«ሰው ሀገር ያድናል፤ እናንተ ጃርት ታድናላችሁ?»

«ሀገሩን ለናንተ ትተናል» አላት መርዕድ። «አንቺ ጃርቷን ብቻ ስጪን።»

ሰጠችን። በዚያው ካሴት ላይ ያለውን የልጇን የልደት በዓል በዲስክ ገልብጠን እንድናመጣላት ብቻ ጠየቀች። ካሴቱ ይመለስልሽ ወይ ስንላት፣ ቤቴ ቦታ የለም፣ ሲበቃችሁ ጋርቤጅ አድርጉት አለች።

የአልማዝ ቅጂ ከሁሉ የጠራ መስመርና ቀለም ነበረው፤ የጃርቷ እሾኽ አንድ በአንድ ይቈጠራል። ነገር ግን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው በቀጫጭን ነጭ ጭረቶች የተሸፈነ ነው፤ ድምፁም ያለማቋረጥ ሽ ይላል። ሕሊና በበኩሏ ከቅጂ ቅጂ የተገለበጠ ዲስክ ነበራት። እርሱ ፊቱም ቀለሙም የደበዘዘና መጨረሻው የተቈረጠ ነው፤ ጭረት ግን የለበትም፤ ድምፁም ጸጥ ያለ ነው። ታሪኩ ይህን ያህል ነው፦ እመት ጃርት ከሩቅ የምትመጣ እህቷን አውቶቡስ ማቆሚያ ላይ ትጠብቃለች፤ አውቶቡሶች ያልፋሉ፤ እህቷ አትመጣም።

መርዕድ ፍርዱን ከእኔ ጠበቀ። አካሉን፣ ማለትም ምስሉንና ድምፁን፣ ከአልማዝ ቅጂ እንወስዳለን፣ ጭረቱ ግን ብልሽት ለመሆኑ የሕሊና ቅጂ ምስክር ነው፣ ይጠረግ አልኩ። በሌሎቹ ስምንት ክፍሎች የጠረግነውም ጭረት፣ ያጠራነውም ሽ የሚል ድምፅ ነበርና ማንም አልተከራከረኝም። በሙያዬ የታወቀ ሕግ አለ፤ ቀላል ንባብና አስቸጋሪ ንባብ ሲጋጩ አስቸጋሪውን አስቀድም ይላል፤ ገልባጭ የከበደውን ያቀላል እንጂ የቀለለውን አያከብድምና። ይህን ለተማሪዎቼ በየዓመቱ አስተምሬዋለሁ። ያን ዕለት አላነሣሁትም። ለካርቱን የሚያስፈልግ አልመሰለኝም።

አንድ ሴኮንድ አሥራ ሁለት ሥዕል ይፈልጋል። መርዕድ ወደ ስምንት ሺህ የሚጠጋ ሥዕል፣ እያንዳንዱን ጭረት በጥርስ ሠሪ እጁ እየሸፈነ፣ አምስት ወር ፈጀ። በሦስተኛው ወር ገደማ ሥራ ቦታዬ ኮል አደረገኝ። እንዲህ ያለ ልማድ አልነበረውም።

«መምህር፣ ጭረቶቹ ጃርቷን አይነኩም። አጠገቧ ሲደርሱ ይታጠፋሉ።»

ከዳሴ ፊት መኪና ቆሞ ይጠብቀኝ ነበር። በአጭሩ አስረዳሁት። የጃርቷ መስመር ወፍራምና ጥቁር ነው፤ ጥቁር ቀለም በደንብ የተቀመጠበት ብራናም ቶሎ አይላጥም፤ የካሴቱም ጉዳት በሣሣው ቦታ ላይ ይበረታል አልኩት። ይህን ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም። ካሴት እንዴት እንደሚያረጅ ጠይቄም አንብቤም አላውቅም። ብቻ ስናገረው እውነት ይመስል ነበር። እርሱም፣ እርስዎ ካሉ እሺ አለኝ።

ሥራው ሲያልቅ ሕሊና ያልተነካውንም የአልማዝን ቅጂ እናስቀምጥ አለች፤ ኪፕ ቦዝ፣ ዋይ ኖት ነበር ያለችው። እምቢ ያልኩት እኔ ነኝ። ሁለት ንባብ የሚተው አራሚ አልፈረደም፤ ነገ ማንም የተበላሸውን አንሥቶ ትክክለኛው ይህ ነው ይላል፤ ያረጀውን አስወግደው ብዬ መርዕድን አዘዝኩት። ለአንድ ሥራ የመጨረሻውን ቃል መናገር ከቀረብኝ ሃያ ዓመት ሆኖኝ ነበር። ካሴቱ ተጣለ። ኮምፒዩተሩም ቦታ ስለጠበበው መርዕድ በየቀኑ የጠረገውን በበፊቱ ላይ ሲያስቀምጥ ነው የከረመው፤ ጥርስ ሞርዶ ብናኙን የሚያስቀምጥ የለም ይል ነበር።

ወደ አዳራሹ ልመለስ። የመጀመሪያዎቹ ስድስት ክፍሎች ሲታዩ ወይዘሮ ፀዳለ ሁለት ጊዜ ሳቁ። በሁለተኛው ሳቅ መርዕድ ወደ እኔ ተመለከተ፤ ከፊት ለፊታቸው ባለው የመስኮት መስታወት ሲስቁ ጥርሳቸውን አይቶ ነው። አዛውንቱ ሾፌር ይቺ ጃርት የሰባ ቁጥር ተሳፋሪዬ ነበረች እያሉ ሁሉን ያሥቁ ነበር።

ሰባተኛው ተጀመረ። ያለ ጭረት፣ ሽ ከሚል ድምፅ ጠርቶ፣ የእመት ጃርት እሾኽ በጠራ ሰማይ ሥር ጎልቶ ወጣ። ወይዘሮ ፀዳለ መጀመሪያ ወደ ፊት አዘነበሉ። ከዚያ ወደ ኋላ ዞረው መሣሪያውን አዩ፤ አንድ ነገር ያልበራ መስሏቸው ነበር። አሥራ አንዱን ደቂቃ ጨርሰው አዩ። ሲያልቅ፣ ተቀምጠው እንዳሉ፣

«ዝናቡስ?» አሉ።

መርዕድ አልገባውም። እርሳቸውም እምብዛም በማይሰማ ድምፅ አስረዱ። ዝናቡን በመርፌ ጫፍ፣ ብርሃን በሚያሳልፍ ፕላስቲክ ላይ፣ ጭረት በጭረት አንድ ዓመት ሠርተውታል። ድምፁን ያገኙት ጤፍ በትሪ ላይ በማፍሰስ ነው። ዝናቡ ሁሉን ይመታል፤ ሰውን፣ አውቶቡሱን፣ ወንበሩን። እመት ጃርትን ግን እሾኾቿን ፈርቶ ይሸሻታል። የመጨረሻው አውቶቡስ ካለፈ በኋላ፣ ሊያልቅ ሲል፣ አንዲት ጠብታ ብቻ ሳትታጠፍ ወርዳ አፍንጫዋ ላይ ታርፋለች።

«ሌላው ሁሉ ለዚያች ለአንዲቷ ነው የተሣለው» አሉ።

የአዳራሹ አገልጋይ ነገሩ ስላልገባው መብራቱን አበራ። ወይዘሮ ፀዳለ ሌላ ቅጂ እንዳለ ጠየቁ። መርዕድ የለም አለ። ጭረት ነው ብሎ የፈረደው ማን እንደሆነ ጠየቁ። ወንበሬ ላይ ነበርኩ፤ ለመነሣት ጉልበት የሚያሳጣ ሕመም አልነበረብኝም። አፌን ከፍቼ እንደነበርም አስታውሳለሁ።

«እኔ ነኝ» አለ መርዕድ። «ጥርስ ሠሪ ነኝ፤ ከዚያ በላይ አላውቅም። ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

ወደ እኔ አላየም። ሕሊና ግን አየችኝ። ወይዘሮ ፀዳለ ኮታቸውን አነሡ፤ በሩ ላይ ቆመው፣ ደክማችኋል፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ ብለው ወጡ። ስምንተኛውንና ዘጠነኛውን ማንም አላየም።

ወንበር ስናጣጥፍ ለምን እንዲያ እንዳለ ጠየቅሁት። ቅጂውን የሠራው እጅ የኔ ነው አለኝ። ቀጥሎም፣ እርስዎ ቀድሞም ብዙ ነገር ይዘው ነው የሚተኙት አለኝ። በእንዲህ ያለ አነጋገር ሸክሜን የተሸከመልኝ ሰው ከእርሱ በፊትም በኋላም የለም።

ከዚያ በኋላ በኖረባቸው ዓመታት ዝናቡን ለመመለስ ሞከረ። ፕላስቲክና መርፌ ገዛ። የጠረገው እርሱ ስለሆነ እያንዳንዱ ጭረት የት እንደነበረ እጁ ያውቃል ብሎ ያምን ነበር። አንድ እሑድ ጠርቶ የሠራውን አሳየኝ። ዝናቡ ወረደ፤ ጃርቷ ጋ ሲደርስ ታጠፈ። ሁሉም ጠብታ እኩል ነበር፤ ሁሉም የተስተካከለና የሚያምር። መርዕድ እስኪያልቅ አይቶ፣ ያምራል አይደል አለኝ። አዎ አልኩት። መሣሪያውን አጠፋው። ለወይዘሮ ፀዳለ ብዙ ጊዜ ደውሎላቸዋል፤ አላነሡለትም። እኔ ደውዬላቸው አላውቅም።

ሲሞት ናትናኤል ዕቃውን ሊያወጣ መጣ። ጨዋ ልጅ ነው፤ በእንግሊዝኛ ጌታዬ እያለ አነጋገረኝ። ቁም ሣጥኑ ውስጥ በጭረት የተሞላ ፕላስቲክ የታጨቀበት ትልቅ ካርቶን አግኝቶ፣ ምን እንደሆነ ጠየቀኝ። ዝናብ ነው ብዬ ብነግረው ማን ነው የሣለው ይላል፤ ለምን ይላል፤ የመጀመሪያውስ የት ሄደ ይላል። ለሥራው የሚሞክርበት ይመስለኛል አልኩት። በማግሥቱ ሐሳቤን ለውጬ ስመለስ አፓርታማው ባዶ ነበር፤ የቆሻሻ መኪናውም ማለዳ መጥቶ ሄዷል።

አሁን ልጻፈው። ጭረት ነው ብዬ የፈረድኩት እኔ ነኝ። የሕሊና ዲስክ ጭረት ያልነበረበት ቀጭኑ ዝናብ በመገልበጥ ብዛት ስለጠፋ ነበር። ካሴቱ እንዲጣል ያዘዝኩትም እኔ ነኝ። መርዕድ አይቶት ነበር፤ በሥራ ሰዓት ደውሎ ነግሮኝም ነበር።

በዚያ ቅዳሜ በአዳራሹ ከነበርነው አሥራ አንድ ሰዎች መካከል ሰባተኛውን ክፍል ከነዝናቡ ልብ ብለን ያየነው ሦስት ብቻ ነበርን፤ አልማዝ ካሴቱን ለልጆቿ ቀዳችው እንጂ ቁጭ ብላ አላየችውም፤ ሕሊና ከአልማዝ ቅጂ የሠራችው ድምፁን ብቻ ነው፣ እርሷና ጓደኞቿ በልጅነታቸው ያዩትም የደበዘዘውን ዲስክ ነው። ከሦስታችን መርዕድ ሞቷል። የቀረነው ሁለት ነን። አንደኛዋ የሣሉት ናቸው፤ ሁለተኛው ደግሞ ዝናብ መሆኑን ሳያውቅ ነው ያየው።